ልሳነ በረድ ለምን ሰባት ብቻ ሆነ? የአንድ ክር ታሪክ

ጥያቄው አንድ የኢንተርኔት መወያያ መድረክ ላይ የተለጠፈው እኩለ ሌሊት ካለፈ በኋላ ነው። ጠያቂው ልብ ወለድ እየጻፈ ነው። ዓለሙ ከራሱ ጭንቅላት የወጣ ነው፤ የሰባት ሸለቆ ምድር ይባላል። በዚያ ምድር ልሳነ በረድ የሚሉት ድንጋይ አለ። የጣት ርዝመት ያለው፣ ባለ ስድስት ጎን፣ እንደ ውሃ የጠራ ክሪስታል ነው። ጨብጠው ከተናገሩበት ድምፅ ይይዛል። ሌላ ሰው ሲጨብጠው ያንኑ ድምፅ መልሶ ያሰማል። በምድሪቱ ያለው ሰባት ፍሬ ብቻ ነው፤ ሰባቱም በነገሥታት እጅ ናቸው። በምዕራፍ አንድ ማብቂያ ላይ አንድ እረኛ ልጅ ስምንተኛውን ከጅረት ውስጥ ያገኛል።

ጥያቄው አጭር ነው። ለምን ሰባት ብቻ? ረቂቁን ያነበቡለት ሁለት ጓደኞቹ እዚህች ጋ ሲደርሱ ቆም ብለው ይህንኑ ጠይቀውታል። መልስ የለውም። አቋም ግን አለው። አስማት ብርቅ ካልሆነ አስማት አይሆንም ባይ ነው። ድንጋዩ በየቤቱ ቢኖር ማንም ዞር ብሎ አያየውም፣ ስለዚህ አስማቱ ራሱ ብርቅነቱ ነው ብሎ ደመደመ። ክሩን፣ ማለትም ከጥያቄው ሥር የተደረደረውን የመልስ ሰንሰለት፣ ያቀጣጠለው ይህ መደምደሚያ ነው።

አራት ቀን ተከታተልኩት። ሃያ ሰባት መልስ ደርሷል። ዘጠነኛው የኔ ስለሆነ ገለልተኛ ነኝ ብዬ አልዋሽም።

መልስ 1 የአንዲት ትሁት ሴት ነው። ሃሳቡን ወደደችው፣ አይዞህ አለችው፣ ከዚያ ምንም ምክንያት እንዳይሰጥ መከረችው። ተረት ሲነገር ጅቡ እንዴት ተናገረ ብሎ የሚጠይቅ ልጅ የለም ነው ነገሯ። አስማት ሲብራራ ይሞታል አለች። እውነት አላት፤ ግን ሁለቱ ጓደኞቹ ጠይቀዋል እኮ። ልጅ ጅቡን የማይጠይቀው ጅቡ ከመጀመሪያው ስለሚያወራ ነው። ሰባት ብቻ ተብሎ የተቆጠረ ነገር ግን ራሱ ጥያቄ ይጋብዛል።

መልስ 2 ሁለት መስመር ነው። ሰባት ቁጥር ሰልችቶታል። ለምን ዐሥራ አንድ አይሆንም ብሎ ሄደ።

መልስ 3 ላይ ነገሩ መሬት ነካ። የከርሰ ምድር ትምህርት የተማረ ሰው ነው፤ አጻጻፉ የመምህር ቢሆንም አይሰለችም። ክሪስታል ለማደግ የሚሠራበት ንጥረ ነገር፣ የሚያድግበት ባዶ ቦታና ጊዜ ይፈልጋል አለ። ከሦስቱ አንዱ ከጎደለ ብርቅ ይሆናል። ከዚያ ሜክሲኮ ውስጥ ስላለው የናይካ ዋሻ አወራ። ማዕድን ቆፋሪዎች እ.ኤ.አ. በ2000 ወደ 300 ሜትር ጥልቀት ላይ ደረሱበት። ውስጡ ከ11 ሜትር በላይ የሚረዝሙ፣ እንደ ዛፍ ግንድ የተጋደሙ ክሪስታሎች ነበሩ። ሙቀቱ እስከ 58 ዲግሪ ሴልሺየስ ነው፤ አየሩም በእርጥበት የታጨቀ ነው። ያለ ማቀዝቀዣ ልብስ ሰው ከጥቂት ደቂቃ በላይ አይቆይበትም። እነዚያ ግዙፍ ነገሮች የተሠሩት ግን ከጂፕሰም ነው። ግድግዳ ከምንለስንበት ጀሶ!

ውሃው ለመቶ ሺዎች ዓመታት እዚያው 58 ዲግሪ አካባቢ ሳይዋዥቅ ቆየ። ትንሽ ቢሞቅ ወይም ቶሎ ቢቀዘቅዝ እንዲህ ያለ ነገር አናይም ነበር። ስለዚህ ጠያቂው ልሳነ በረድን ከተራ ነገር ይሥራው፣ ብርቅ የሚሆነው ያደገበት ጸጥታ ይሁን ብሎ ሃሳብ ሰጠ። ድምፅ የሚይዝ ድንጋይ ድምፅ ባልደረሰበት ቦታ ብቻ ቢያድግስ? ይህች ጥያቄ ብዙ ላይክ አገኘች። የኔም አለበት።

መልስ 4 ለዚሁ ሰው ማሟያ ነው። ዋሻው ሊታይ የቻለው ማዕድን ማውጫው ውሃውን በፓምፕ እየሳበ ስላደረቀው እንደሆነ አስታወሰ። ውሃው ሲወጣ እድገቱም ቆመ። በኋላ ፓምፖቹ ሲቆሙ ውሃው ተመልሶ ሞላ። ሰው ሊያየው የሚችለው እድገቱን ሲያቆመው ብቻ ነው ማለት ነው። መላሹ ይህን ለልብ ወለዱ በነጻ ሰጥቻለሁ ብሎ ቀልዶ ወጣ።

መልስ 5 በቀጥታ የጠያቂውን መደምደሚያ ያዘ። ብርቅነት እንደ መልክ አይደለም፣ ነገ ሊጠፋ ይችላል አለ። ምሳሌው አሉሚኒየም ነው። በምድር ቅርፊት ውስጥ ከብረታ ብረት ሁሉ የሚበዛው እሱ ሆኖ ሳለ፣ በ1850ዎቹ ከወርቅ ጋር ይወዳደር ነበር። ከድንጋዩ ለይቶ ማውጣት ስላስቸገረ ነው። በ1884 የዋሽንግተን ሐውልት ጫፍ ላይ የተቀመጠችው ትንሽ ፒራሚድ አሉሚኒየም ነች፤ ያኔ ክብር ነበር። ከሁለት ዓመት በኋላ አንድ አሜሪካዊና አንድ ፈረንሳዊ ሳይተዋወቁ በኤሌክትሪክ የማውጣቱን ዘዴ አገኙ። ዋጋው ተንኮታኮተ። ዛሬ ድስት ነው። እንግዲህ በሰባት ሸለቆ ምድር አንድ ሰው ልሳነ በረድ ማብቀል ቢችል ሰባቱ ነገሥታት ምን ይውጣቸዋል? ሁለተኛው ቅጽ ይኸውልህ አለው።

ጥሩ ሃሳብ ነው። ግን የልብ ወለድ ሃሳብ ሲሰጥ ሁሌ እንዲህ ነው። አንደኛውን ቅጽ ያልጨረሰ ሰው ሁለተኛውን ይሸከማል።

መልስ 6 ትዕግሥቱ ያለቀ ሰው ነው። ልብ ወለድ ነው የተጠየቀው፣ እናንተ የኬሚስትሪ ክፍል ከፈታችሁ አለ። አንድም ቦታ ስለ እረኛው ልጅ የተናገረ የለም አለ። ልክ ነበር፤ ማንም አልነበረም።

መልስ 7 የዚህ ክር ልብ ነው። የጻፉት ሰው በዕድሜ የገፉ ናቸው፤ ዓይናቸው ስለደከመ የፊደል ግድፈት ቢበዛ ይቅርታ ጠይቀው ጀመሩ። ዕድሜያቸውን ሙሉ ድንጋይ ሲቆርጡና ሲያለሰልሱ ኖረዋል። ከዚህ በኋላ ሁሉም አንቱ አላቸው፣ እኔም እንደዚያው።

መጀመሪያ ጠያቂውን አረሙት። ረቂቁ ላይ ልሳነ በረድ በምንም የማይጫር ስለሆነ አይሰበርም የሚል ነገር ነበረው። አለመጫርና አለመሰበር ለየቅል ናቸው አሉ። ጥንካሬ፣ ማለትም አለመጫር፣ የሚለካበት የሞህስ መለኪያ ከ1812 ጀምሮ አለ፤ ከ1 እስከ 10 ይሄዳል፣ አልማዝ 10 ላይ ነው። ያም ሆኖ አልማዝ በአራት አቅጣጫ የሚሰነጠቅበት መስመር አለው። በትክክለኛው መስመር ላይ አንዲት ምት ካረፈች ለሁለት ይከፈላል። የጥንቱ ሮማዊ ፕሊኒ አልማዝ በመዶሻ አይበገርም፣ የሚሸነፈው ትኩስ የፍየል ደም ውስጥ ሲነከር ነው ብሎ ጽፏል። እርሳቸው ፍየል አላስፈለጋቸውም። ያለ ፍየል ብዙ ድንጋይ ሰብረዋል።

ከዚያ የአንድ ቀን ገጠመኛቸውን ተረኩ። ሦስት ቀን የደከሙበት ድንጋይ ነበር። ውስጡ እንደ ላባ የቀጠነች ስንጥቅ እንዳለች ያውቃሉ፤ በማጉያ መነጽር አይተዋታል። ጠርዟ ላይ ሳይደርሱ የሚጨርሱ መስሏቸው ነበር። ድንጋዩ ከሚዞረው ዲስክ ጋር ሲነካካ የሚያወጣው ድምፅ አለ፤ ጆሮ ለምዶት ከመስማት ይቆማል። በሦስተኛው ቀን ያ ድምፅ ቀጠነ። እጃቸውን ለማንሳት አሰቡ። ከማንሳታቸው በፊት ጣታቸው ላይ ጥ የምትል ነገር ተሰማቻቸው። ድምፅ እንኳ አልነበረም፤ በጥፍራቸው ነው የሰሙት። ድንጋዩ እንደ ብስኩት ለሁለት ሆነ። ባለቤቱ በማግሥቱ ሊወስደው ይመጣል። ያን ሌሊት ምን ብለው እንደሚነግሩት ሲያወጡ ሲያወርዱ አደሩ።

መጨረሻ ላይ አንድ ጥያቄ ጣሉ። ድንጋይ ሲቆረጥ ግማሹ፣ አንዳንዴም ከግማሽ በላይ ዱቄት ሆኖ ነው የሚሄደው። ውሃው ውስጥ ይቀራል፣ ወለል ላይ ይቀራል፣ ሳንባ ውስጥም ይገባል። ያንተ ድንጋይ ድምፅ ከያዘ ዱቄቱስ ምን ይዟል? ማንስ ነው የሚጠርገው?

መልስ 8 ይህን ሁሉ አንብቦ የተናገረው ስለ ፍየሏ ነው። የሰባት ሸለቆ ምድር እረኛ ካለው ፍየል አለው፣ ፍየል ካለው የፕሊኒ ነገር ይሠራል አለ። ደም ይቅር፣ ወተት ይሁን የሚል ተከተለ። ከመሃል አንዱ የፍየል ወተት ስለማፍላት ጥያቄ ጠየቀ፤ የምሩን ይሁን የቀልዱን እስካሁን አልገባኝም።

መልስ 9 የኔ ነው። የሽማግሌው ጥያቄ ስላልለቀቀኝ ሁለት ነገር ጻፍኩ። አንደኛ፣ ስምንተኛውን ድንጋይ እረኛው አያግኘው አልኩ። ጅረት ውስጥ የሚያበራ ነገር ያገኘ ልጅ በጣም ብዙ ነው። ድንጋዩ የሚቆረጥበትን ክፍል የምትጠርግ አንዲት ሴት ትኑር። መጥረጊያዋ ባለፈ ቁጥር ዱቄቱ ያንሾካሹካል። የማን ድምፅ እንደሆነ አታውቅም። ሁለተኛ፣ ብልጥ ልምሰል ብዬ የእጅ ሰዓት ውስጥ ያለው ኳርትዝ የሚባለው ክሪስታልም እኮ ንዝረትን በውስጡ አከማችቶ ይይዛል፣ ድንጋይ ድምፅ መያዙ ይህን ያህል ሩቅ አይደለም አልኩ።

መልስ 10 ሁለተኛዋን ሃሳቤን ከሥሯ ነቀላት። ኳርትዝ ምንም አያከማችም። ሲጨመቅ ኤሌክትሪክ ያመነጫል፤ ኤሌክትሪክ ሲሰጡት ደግሞ ይንቀጠቀጣል። ፒዞኤሌክትሪክ ይሉታል፤ ዣክና ፒየር ኩሪ የተባሉ ወንድማማቾች በ1880 ያሳዩት ነገር ነው። ሰዓት ውስጥ ያለችው ቅንጣት የምትንቀጠቀጠው ባትሪው ስለሚገፋት ነው፤ በሰከንድ 32,768 ጊዜ። ቁጥሩ ያለ ምክንያት አልተመረጠም። ለሁለት እየከፈሉ ዐሥራ አምስት ጊዜ ሲሄዱ አንድ ላይ ይደርሳል። አንድ ሰከንድ ማለት ነው። ባትሪውን ብታወጣው ዝም ትላለች አለኝ። አፍሬ አመሰገንኩት። ያኔውኑ ወረቀት አውጥቼ ለሁለት እየከፈልኩ ሞከርኩት፤ ልክ ነው።

የኔ ስህተት ግን ፍሬ አፈራች። መልስ 11 ላይ አንዲት ልጅ ከመልስ 10 ተነስታ መጭመቅ የሚለውን ቃል ይዛ ሮጠች። እንግዲያው ልሳነ በረድ የሚናገረው በተጨመቀው ልክ ይሁን አለች። ጉልበተኛ ሲጨብጠው ይጮኻል። አቅም ያነሳት አሮጊት ስትጨብጠው የሚሰማው ሹክሹክታ ነው፤ ለዚያውም ጆሮዋ አጠገብ ካደረገችው። ንጉሥ ለአደባባይ ሲያሰማ ጡንቸኛ ሎሌ ይቀጥራል። ይህችን ልጅ ልብ ወለድ ትጽፍ እንደሆን ጠየቅኳት፤ አልመለሰችልኝም።

ከዚያ ነገሩ ከረረ። መልስ 12 የመጣው ሰው ሰላምታ አያውቅም። የሚያበራ ሰማያዊ ክሪስታል፣ እረኛ ልጅ፣ ሰባት ነገሥታት፣ ይህን ሁሉ በየጌሙ ጠግበናል አለ። ጠያቂው ጊዜውን እያባከነ ነው፣ መላሾቹም አብረውት አለ። ያልተደፈረ አንድ ነገር ካለ ያሳዩኝ ብሎ ፎከረ።

መልስ 13 ጠያቂው ራሱ ነው። ቆስሏል። ሰማያዊ ነው አላልኩም፣ ያበራልም አላልኩም፣ ጽሑፌን ሳታነብ ነው የሰደብከኝ አለው። ሁለት ዓመት ሙሉ ከሥራ መልስ ሌሊት ሌሊት እንደሚጽፍ፣ ይህን ጥያቄ ለመለጠፍም ሳምንት እንዳቅማማ ነገረን። እውነቱን ለመናገር 12 በይዘት የተሳሳተው ቀለሙና ማብራቱ ላይ ብቻ ነው። ስለ እረኛው እኔም ያልኩት እሱኑ ነው፣ በለሰለሰ አፍ። መልስ 14 አወያዩ ነበር፤ ሁለቱንም ቀዝቀዝ በሉ ብሎ አለፈ።

መልስ 15 ጨዋታውን ለመቀየር ይመስላል ወደ ቀለም ሄደ። ሩቢና ሰንፔር አንድ ማዕድን ናቸው አለ፤ ሁለቱም ኮረንደም ናቸው። ጥቂት ክሮሚየም ሲገባበት ቀይ ይሆናል፣ ብረትና ታይታኒየም ሲገባበት ሰማያዊ። በ1960 የመጀመሪያው ሌዘር የተሠራው በሩቢ ዘንግ ነው። አሌክሳንድራይት የሚባለው ደግሞ በቀን ብርሃን አረንጓዴ ሆኖ በሻማ ብርሃን ወደ ቀይ ይለወጣል። ስለዚህ ልሳነ በረድ ተናጋሪው ሲዋሽ ቀለሙን ይቀይር ብሎ ሃሳብ አቀረበ።

እዚህ ላይ መልስ 16 ጮኸ። ውሸት የሚያጋልጥ ድንጋይ ካለ ልብ ወለድ የሚባል ነገር የለም አለ። ፍርድ ቤቱ ባዶ ይሆናል፣ ሴራው በገጽ ሦስት ይፈታል፣ ሰርግ የሚባል ነገርም ይቀራል። ሰው እርስ በርስ የሚኖረው ትንሽ ትንሽ እየተዋሸ ነው አለ። በዚህ ሙሉ በሙሉ ከ16 ጋር ነኝ። ቀለሙ በብርሃን ይቀየር፣ ያምራል፤ ዳኛ ግን አይሁን።

መልስ 17 ከክሩ ሁሉ አጭሩና ከባዱ ነው። የጻፈው ሰው ስለ ልብ ወለድ ምንም እንደማያውቅ ተናገረ። አባቱ ከሞቱ በኋላ ስልኩ ውስጥ የቀረለት ዐሥራ አራት ሰከንድ የድምፅ መልእክት ነበር። ቁም ነገር የለበትም። በሩን መቆለፍህን አይተሃል ወይ የሚል ነው፤ ከዚያ ሳል፣ ከዚያ ስልኩን እንዴት እንደሚዘጉ ስላላወቁ ጥቂት የኮቴ ድምፅ። በየማታው ይሰማው ነበር። ከሁሉ የሚወደው ያን ኮቴ ነበር። አንድ ቀን ስልኩ ጠፋ። ሌላ ቦታ አላስቀመጠውም ነበር። ጥያቄው ይህ ነው። ልሳነ በረድ ሲደመጥ ያልቃል? የሚያልቅ ቢሆን ኖሮ እሱ ይሰማ ነበር ወይስ ያስቀምጠው ነበር? እስካሁን መልሱን አያውቅም።

ለሰባት ሰዓት ያህል ማንም አልጻፈም። እዚህ መድረክ ላይ እንዲህ ያለ ዝምታ አይቼ አላውቅም።

መልስ 18 የሽማግሌው ነበር። ነፍስ ይማር ብለው ጀመሩ። ከዚያ በራሳቸው ቋንቋ መለሱለት። ያለቅጥ የሚዳሰስ ድንጋይ ጠርዙ ይሟሽሻል፤ ቀለበት ላይ ያለን ድንጋይ አይተው ባለቤቱ ስንት ዓመት እንዳደረገው ይገምታሉ። ስለዚህ በእርሳቸው ቤት መልሱ አዎ ነው፣ ያልቃል።

መልስ 19 የፊዚክስ ሰው ነው፤ ስሜት አይነካካውም፣ ግን የረዳው እሱ ነው። ድምፅ ጉልበት ነው፣ ከየትም አይመጣም አለ። ድንጋዩ ከተናገረ የሆነ ነገር መክፈል አለበት። ፈረንሳዊው ኬሚስት ላቮይዚየ በ1772 በትልቅ ማጉያ መነጽር የፀሐይ ብርሃን አሰባስቦ አልማዝ ማቃጠሉን አስታወሰ። በ1797 እንግሊዛዊው ኬሚስት ቴናንት አልማዝ ንጹሕ ካርቦን መሆኑን አረጋገጠ፤ ሲቃጠል የሚወጣው ከከሰል የሚወጣው ያው ጋዝ ነው። በምድር ላይ ከሁሉ የጠነከረው ነገር እንኳ ሄዶ ሄዶ ጭስ ይሆናል። ልሳነ በረድ በድምፅ ቢቃጠል ምን ይገርማል?

መልስ 20 ወዲያው ካልኩሌተር አወጣ። አርባ ካራት ይሁን እንበል አለ፤ አንድ ካራት 0.2 ግራም ስለሆነ ስምንት ግራም ማለት ነው። አንዴ ሲደመጥ የካራት አንድ መቶኛ ቢበላ አራት ሺህ ጊዜ ይሰማል። በቀን አንዴ ከሆነ ዐሥራ አንድ ዓመት ሊሞላው ጥቂት ቀን ሲቀረው ያልቃል። ሐዘንተኛ ግን በቀን አንዴ ብቻ አይሰማም ብሎ ጨመረ። በዚህች ዓረፍተ ነገር ነው የወደድኩት።

ከዚያ እንደተለመደው መንገድ ሳትን። መልስ 21 ክሪስታል ትራስ ሥር ማድረግ እንቅልፍ ያመጣል ይባላል፣ እውነት ነው ወይ ብሎ መጣ። መልስ 22 ድንጋይ ትራስ ሥር ሲደረግ የሚያመጣው የአንገት ሕመም ነው አለ። ስድስት ሰባት ጊዜ ተመላለሱ፣ አወያዩ ጥቂቱን አጠፋው። እዚያ ላይ ጊዜ አላጠፋም።

መልስ 23 ስለ ስሙ ነው፤ ጠያቂው ራሱ ያላሰበውን አገኘለት። ክሪስታል የሚለው ቃል የመጣው በረዶ ከሚል የግሪክ ቃል ነው። የጥንት ሰዎች ጥርት ያለውን ኳርትዝ ሲያዩ ቅዝቃዜ በርትቶበት ዳግመኛ ላይቀልጥ የረጋ በረዶ ነው ብለው አስበዋል፤ ያው ፕሊኒም ጽፎታል። ስለዚህ ልሳነ በረድ ማለት ከሥሩ የተስማማ ስም ነው። ከዚሁ ጋር ክሪስታልን በአማርኛ ምን እንበለው የሚል ሙግት ተነሳ። አንዱ በመጽሐፍ ቅዱስ ራእይ ላይ የሕይወት ውሃ ወንዝ እንደ ብርሌ ያንጸባርቃል፣ ብርሌ በቂ ነው አለ። ሌላው ዛሬ ብርሌ ሲባል ሰው የሚያስበው መጠጫውን ነው፣ ጀግናው አስማተኛ ብርሌ ጨበጠ ቢባል ሰክሮ ነው ይላሉ አለ። ሳቅን።

መልስ 24 ደግሞ ማን ይሆናል? መልስ 12። ያ ሰላምታ የማያውቀው ሰው። ይቅርታ አልጠየቀም፤ ሙሉ ክሩን ግን አንብቦ ተመልሷል። እንዲህ የሚል ነገር ጻፈ። ድንጋዩ ሲደመጥ የሚያልቅ ከሆነ ለምን ሰባት ብቻ የሚለው ጥያቄ ተመልሷል። ድሮ በሺህ የሚቆጠር ነበር። እናት የልጇን፣ ልጅ የአባቱን፣ ሚስት የባሏን እየጨበጡ ጨረሱት። የቀሩት ሰባቱ ማንም ደግሞ ሊሰማቸው ያልፈለጋቸው ናቸው። አንዱ ላይ የግብር አዋጅ አለ። አንዱ ላይ ሰው ሁሉ የጠላው ንጉሥ ራሱን ያሞግሳል። አንዱ ላይ ማንም የማያውቀው ቋንቋ አለ። ነገሥታቱ በወርቅ ሣጥን ቆልፈው የሚጠብቁት የማይወደድ ድምፅ ነው።

ሳነበው ከወንበሬ ተነሳሁ። ጠያቂው ብርቅ ስለሆነ ነው የሚወደደው ብሎ ነበር የጀመረው። ይህ ሰው ገለበጠው፤ የተወደደው ሁሉ አልቆ ያልተወደደው ብርቅ ሆነ። የሽማግሌው ዱቄት፣ የልጅቷ መጭመቅ፣ የዐሥራ አራቷ ሰከንድ፣ የካልኩሌተሩ ሰው ስሌት፣ ሁሉም እዚህ ገቡ። ይህን ያመጣው ደግሞ ከሁላችንም ባለጌው መሆኑ ትንሽ ያናድዳል።

መልስ 25 ክሩን ያላነበበ ሰው ነው። ለምን ከሰማይ ወደቀ ብለህ አትገላገልም ብሎ መከረ። ሁሉም ሊስቅበት ሲል የመልስ 3 ሰው አዳነው። በ1893 ሞይሳን የተባለ ኬሚስት በወደቀ ሜትዮራይት ስብርባሪ ውስጥ ጥቃቅን ክሪስታሎች አግኝቶ መጀመሪያ አልማዝ መስለውት እንደነበር ነገረን። ሲሊከን ካርባይድ የሚባል ሌላ ማዕድን ነበሩ። ዛሬ በፋብሪካ ይመረታል፣ በስሙም ሞይሳናይት እየተባለ በአልማዝ ፋንታ ቀለበት ላይ ይደረጋል። ከሰማይ መውደቅም ብርቅ ሆኖ ለመቅረት ዋስትና አይደለም።

መልስ 26 ጠያቂው ነው። ምዕራፍ አንድን እንደ አዲስ ሊጽፈው ነው። እረኛውን አወጣው፤ ጠራጊዋን አስገባት፤ ስም ግን ገና አላወጣላትም። ሰባትን አልቀየረም፣ መልስ 2 ይቅር በለኝ ብሏል። ለመልስ 12ም ምስጋና ጻፈ፤ አጭርና ደረቅ ምስጋና ናት፣ ትገባዋለች። ሽማግሌውን የዲስኩ ድምፅ ሲቀጥን ምን እንደሚመስል በደንብ እንዲነግሩት ለመናቸው። ያልወሰነው አንድ ነገር ነው። ጠራጊዋ የምታገኘው ስምንተኛው ድንጋይ ላይ የማን ድምፅ አለ?

መልስ 27 የዚያ አባቱን ያጣ ሰው ነው። ስለ ስምንተኛው ድንጋይ ሃሳብ የለውም። ማወቅ የሚፈልገው ሌላ ነው፤ ድንጋዩ የመጨረሻዋን ቅንጣት ሲጨርስ ንግግሩን እስከ ጫፍ ይናገራል ወይስ መሃል ላይ ይቆረጣል? እስከ ጫፍ ከሆነ ኮቴውም ይሰማል ማለት ነው።

ትናንት ማታ ሳየው ማንም አልመለሰለትም። ሽማግሌው ግን ከስሙ ሥር እየጻፉ ነበር።